አንድ ሐሳብ የሚጨበጠው ምን ሲኖረው ነው?



አንዳንድ ሐሳብ ገና ተነግሮ ሳያልቅ እንይዘዋለን። አንዳንዱን ደግሞ ቃላቱን አንድ በአንድ እያወቅናቸው፣ ዓረፍተ ነገሩን በቃላችን እየወጣነው እንኳ አንይዘውም። እዚህ ሐዋሳ ልጆችን ሒሳብና ሳይንስ ሳስጠና በየጊዜው የሚገጥመኝ ይህ ነው። ልዩነቱ ከየት ይመጣል? ብዙ ሰው በልጁ ጭንቅላት ያመካኛል። እኔ ግን አስቀድሞ መመርመር ያለበት ሐሳቡ ራሱ ነው እላለሁ። አንድን ሐሳብ በአእምሮ ሊያዝ የሚችል የሚያደርገው ምንድን ነው?

መልሴን ከመጀመሪያው ልናገር። ሐሳብ የሚጨበጠው ክፍሎቹ እርስ በርስ ተያይዘው፣ ከአንዱ ተነስተን ወደ ሌላው መሄድ ስንችል ነው። የተነገረንን ይዘን ያልተነገረንን ካወጣንበት፣ ሐሳቡ ገብቶናል። ካላወጣንበት የያዝነው ድምፁን ብቻ ነው። ይህን ላስረዳ፤ ምሳሌዎቼም አብዛኞቹ ከከተማችን ናቸው።

1. ማየት ሌላ፣ መረዳት ሌላ

«በዓይነ ሕሊናዬ ልስለው ካልቻልኩ አልገባኝም ማለት ነው» የሚል እምነት በብዙዎቻችን ውስጥ አለ። ፈረንሳዊው ፈላስፋ ሬኔ ዴካርት በ1641 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፉ ይህን እምነት የሚፈትን ምሳሌ አቅርቧል። ሦስት ጎን ያለው ቅርጽ አስቡ፤ ሦስቱም ጎኖች ወለል ብለው ይታዩአችኋል። አሁን ሺህ ጎን ያለው ቅርጽ አስቡ። የሚመጣላችሁ ክብ የሚመስል ብዥ ያለ ነገር ነው፤ 999 ጎን ካለው ቅርጽ ለይታችሁ ልታዩት አትችሉም።

ሐሳቡ ግን ጥርት ያለ ነው። የእንዲህ ያለ ቅርጽ የውስጥ ማዕዘኖች ድምር የሚገኘው ከጎኖቹ ብዛት 2 ቀንሶ በ180 በማባዛት ነው። ባለ 1,000 ጎኑ 179,640 ዲግሪ ይሆናል፤ ባለ 999ኙ 179,460። ልዩነታቸው ልክ 180 ዲግሪ፣ ማለትም የአንድ ሦስት ማዕዘን ድምር ነው። በሥዕል ፈጽሞ የተምታቱት ሁለት ቅርጾች በሐሳብ ቅንጣት አይምታቱም።

ተቃራኒውም ያጋጥማል። የአተምን አስኳል እንደ ፀሐይ፣ ኤሌክትሮኖቹን በዙሪያዋ እንደሚዞሩ ፕላኔቶች አድርጎ የሚያሳየውን ሥዕል የማያስታውስ ተማሪ ጥቂት ነው። «ኤሌክትሮኑ ለምን ወደ መሃል ተስቦ አይወድቅም?» ብላችሁ ስትጠይቁት ግን ሥዕሉ በቂ መልስ የለውም። ሥዕል ጥሩ መነሻ ነው፤ ሐሳቡን ተክቶ መቆም ግን አይችልም።

2. አራት ቀን ያለው ሳምንት

ከሌላ አካባቢ ወደ ሐዋሳ የመጣ ሰው የሲዳማ ባህላዊ ሳምንት አራት ቀን ነው ሲባል መጀመሪያ ግራ ይገባዋል። «ታዲያ እሑድ የት ሊገባ ነው?» ይላል። ከልጅነቱ ጀምሮ ሰባት ቀን የቆጠረ ሰው፣ ሰባትን ከፀሐይ መውጣትና መግባት እኩል የተፈጥሮ ሕግ አድርጎ ነው የሚያየው። የቀናቱን ስም ብታስጠኑት ዲኮ፣ ዴላ፣ ቃዋዶ፣ ቃዋላንካ ብሎ ይደግምላችኋል። ስሞቹን ይዟል፤ ሐሳቡን ገና አልያዘም።

አሁን የቀናቱን ግንኙነት ንገሩት። አራቱ ቀናት ተራ በተራ ይመጣሉ፤ ሲያበቁ ዙሩ እንደገና ይጀምራል። ሰባት እንዲህ ያሉ ሳምንታት 28 ቀን፣ አንድ ወር ይሆናሉ። ዓመቱ 13 ወራት አሉት። 13 ጊዜ 28 ሲባዛ 364 ነው፤ የመጨረሻው ወር 29 ቀን ስለሚሆን 365 ይሞላል። በባህሉ የገበያ ቀን የሚቆጠረውም በእነዚሁ አራት ቀናት ነው።

ከዚያ ይህን ጠይቁት፦ ዛሬ ቀኑ ዲኮም ቅዳሜም ቢሆን፣ ዲኮና ቅዳሜ ዳግም የሚገጥሙት መቼ ነው? ዲኮ በ4፣ በ8፣ በ12 ቀን እያለ ይመለሳል፤ ቅዳሜ በ7፣ በ14፣ በ21 እያለ። ሁለቱ መጀመሪያ የሚገናኙት በ28ኛው ቀን ነው። እስከዚያ ድረስ ዲኮ በሰባቱም ቀናት ላይ፣ በእያንዳንዱ አንድ ጊዜ፣ ያርፋል። ሰውየው ይህን ከማንም አልሰማም፤ ከሐሳቡ ውስጥ ራሱ አወጣው። እንግዳ ሆኖበት የነበረው አቆጣጠር የገባው እዚህ ላይ ነው፤ ለመልመድ ዓመታት መኖር አላስፈለገውም።

አያንቱዎች የሚባሉት የሲዳማ የዘመን ቆጠራ ሊቃውንት ዕውቀትም ከዚሁ ወገን ነው። ሰማዩን ተመልክተው፣ ቀኑን አስልተው፣ የዘመን መለወጫው በዓል ፊቼ ጫምባላላ መቼ እንደሚውል ይወስናሉ። በዓሉ በ2015 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የማይዳሰሱ ቅርሶች መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ሐዋሳ ውስጥ በዓሉ በሚከበርበት ጉዱማሌ ላይ ስናከብር ደምቆ የሚታየን ጭፈራውና ልብሱ ነው። ከጀርባው ግን ከትውልድ ትውልድ የተሻገረ ስሌት አለ። ዕውቀታቸው የቀን ስም ዝርዝር ብቻ ቢሆን ኖሮ በየዓመቱ አዲስ ቀን ማውጣት ባልቻሉ ነበር።

3. ከባዱን ከባዶው መለየት

አሁን ይህን ስሙ፦ «ትናንት ዲኮ ነበር፤ ዛሬም ዲኮ ነው።» እያንዳንዱ ቃል ግልጽ ነው፤ ሰዋስዉም አልተሳሳተም። ነገር ግን ውስጡ የሚያዝ ሐሳብ የለም። ዲኮን ዲኮ የሚያደርገው በአራቱ ተራ ውስጥ ያለው ቦታ ነው። ያን ቦታ ካፈረስነው በኋላ «ዲኮ» ስንል ስለ ምን እየተናገርን ነው?

ከባዱን ከእንዲህ ያለው ባዶ መለየት በጣም የሚያስፈልገን ይመስለኛል። ባለ ሺህ ጎኑ ቅርጽ ለዓይነ ሕሊና ከባድ ነው፤ ለአእምሮ ግን ክፍት ነው። ሁለት ዲኮ በተከታታይ መምጣቱ ደግሞ ለጆሮ ቀላል ነው፤ ለአእምሮ ግን ባዶ ነው። ሁለቱን ስናምታታ ሁለት ጉዳት ይደርስብናል። ከባዱን ነገር «የማይገባ ነው» ብለን ቶሎ እንተወዋለን። ባዶውን ንግግር ደግሞ ለጆሯችን ስላማረ «ጥልቅ ነው፤ እኔ ነኝ ያልደረስኩበት» እያልን እናከብረዋለን። በአንድ ስብሰባ ላይ ግርማ ያለው ንግግር ሰምታችሁ ስትወጡ «ይህ እውነት ከሆነ ምን ሊሆን አይችልም?» ብላችሁ ጠይቁ። ምንም ነገር የማይከለክል ንግግር ምንም ነገር አልተናገረም።

4. ሐይቃችን ለምን ጨዋማ አልሆነም?

ይህ ጥያቄ የሐዋሳ ልጅ ሁሉ ሊጠይቀው የሚገባ ነው። ወንዝ ወደ ሐይቅ ሲገባ ከአፈርና ከአለት ያሟሟውን ጨው ይዞ ይገባል። ውኃው በፀሐይ ይተናል፤ ጨው ግን አይተንም። ስለዚህ መውጫ የሌለው ሐይቅ ዘመን በቆየ ቁጥር ጨዋማ እየሆነ ይሄዳል። የዝዋይን ሐይቅ ተመልከቱ፤ ውኃው በቡልቡላ ወንዝ ወደ አብያታ ሐይቅ ስለሚወጣ ጨው አልተጠራቀመበትም። መውጫ የሌላቸው አብያታና ሻላ ደግሞ ጨዋማና አልካላይን ናቸው። ደንቡ ግልጽ ነው።

ወደ ሐዋሳ ሐይቅ ስንመጣ ግን ነገሩ ይወሳሰባል። ጥቁር ውኃ ወንዝ ይገባበታል፤ በመሬት ላይ የሚወጣለት ወንዝ የለም። በደንቡ መሠረት ጨዋማ መሆን ነበረበት። በሐይቁ ዳር ወዳለው አሞራ ገደል ሄዳችሁ ብታዩ ግን ዓሣ አጥማጆቹ የሚያወጡት የጨው አልባ ውኃ ዓሣ ነው፤ ቆሮሶና አምባዛ። እንግዲህ ሁለት እውነቶች አሉን፤ ሁለቱንም እናውቃለን፣ አብረው ግን አይያዙልንም። ብዙ ተማሪ «አልገባኝም» የሚለው እንዲህ ባለው ቦታ ላይ ቆሞ ነው። ዕውቀት አልጎደለውም፤ የጎደለው ሁለቱን የሚያገናኘው ነገር ነው።

የሚያገናኛቸው ከመሬት በታች ነው። ሐይቁ የተኛው ጥንት በእሳተ ገሞራ በተፈጠረ ሰፊ ጎድጓዳ ስፍራ ውስጥ ነው፤ ዙሪያው ስንጥቅና ቀዳዳ የበዛበት እሳተ ገሞራዊ አለት ነው። ተመራማሪዎች እንደሚያስረዱት ውኃው በዚያ በኩል ከሥር ይወጣል፤ ሲወጣም ጨዉን ይዞ ይሄዳል። ስለዚህ ሐዋሳ መውጫ አለው፤ ለዓይን አይታይም እንጂ። ደንቡ አልተሻረም፤ እንዲያውም ጸና።

ምክንያቱ ከተገኘ በኋላ ሐሳቡ ምን ያህል እንደሚያስኬድ አስተውሉ። የታችኛው አለት ውኃ የማያሳልፍ ቢሆን ኖሮ ሐይቁ ከጊዜ ጋር ጨዋማ በሆነ፣ የዓሣውም ዓይነት በተለወጠ ነበር። ሌላም እናወጣለን። የሟሟ ጨው በአለት ስንጥቅ ያልፋል፤ ፌስታልና የፕላስቲክ ጠርሙስ ግን አያልፍም። ጎርፍ ከከተማው ጠርጎ የሚያስገባውን ቆሻሻ አጥቦ የሚወስድ ወንዝ ይህ ሐይቅ የለውም። ፍቅር ሐይቅ ከሚባለው የሐይቁ ዳርቻ የሚወረወር ጠርሙስ ከእኛው ጋር ይቀመጣል። «ሐይቁን አታቆሽሹ» የሚለው ማስታወቂያ ትእዛዝ ብቻ ነው፤ አካሄዱ የገባው ሰው ግን ትእዛዙን ራሱ ይደርስበታል።

5. የቅኔ ቤት ፈተና

መድገም ሌላ፣ መረዳት ሌላ መሆኑን አገራችን ከጥንት ጀምሮ በትምህርት ሥርዓቷ ታውቀዋለች። በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ልጁ መጀመሪያ ንባብ ይማራል፤ ዳዊትን በግእዝ ያነበንባል፣ ትርጉሙን ሳያውቅ። ያን ጊዜ ማንም «ግእዝ ገብቶታል» አይልም። ቅኔ ቤት ሲገባ ነው ነገሩ የሚለወጠው። ግሱን፣ አገባቡን ይማራል፤ ከዚያ ራሱ ቅኔ ቆጥሮ ለመምህሩ ያቀርባል። የትናንቱን መድገም አይቆጠርለትም፤ የባልንጀራውንም አምጥቶ አያልፍም። አዲስ ማምጣት አለበት፤ ያመጣውም በሰዋስውም በምሥጢርም መቆም አለበት። ካልቆመ መምህሩ ያርመዋል። የመረዳት ፈተና ከዚህ የጠራ አላውቅም፤ ደንቡን ይዘህ ያልተባለውን በል።

ዛሬ ክፍላችን ውስጥ ግን ብዙ ጊዜ የምንሸልመው የንባብ ቤቱን ደረጃ ነው። በሁለተኛ ደረጃ ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ነው፤ ትርጓሜውን ቃል በቃል የጻፈ ተማሪ ሙሉ ነጥብ ያገኛል። የማስጠናቸውን ልጆች «በሲዳምኛም ሆነ በአማርኛ፣ በራስህ አነጋገር ንገረኝ» ስላቸው ጸጥ የሚሉ አሉ። ሰነፎች ስለሆኑ አይደለም፤ ማንም ጠይቋቸው ስለማያውቅ ነው። በአፍ መፍቻ ቋንቋቸው ክፍሎቹን አንድ በአንድ እንዲያያይዙ ጊዜ ስትሰጧቸው ከብዷቸው የነበረው እንግሊዝኛም ይቀልላቸዋል፤ ምክንያቱም አሁን ቃሉ የሚያርፍበት ሐሳብ አለ።

6. ለነገ ጥናት

አዲስ ሐሳብ ሲገጥማችሁ እነዚህን ሦስት ጥያቄዎች ሞክሩበት።

ሀ. ክፍሎቹ ምንና ምን ናቸው? አንዱ ሲለወጥ ሌላው ምን ይሆናል?
ለ. ይህ እውነት ከሆነ ምን ሊሆን አይችልም?
ሐ. ያልተነገረኝን ምን ላወጣበት እችላለሁ?

መልስ ያጣችሁበት ጥያቄ ችግሩ የት እንዳለ ያሳያችኋል። በመጀመሪያው ከቆማችሁ የማታውቁት ክፍል አለ፤ እሱን ብቻ ለይታችሁ ጠይቁ። በሁለተኛው ከቆማችሁ ምናልባት የተነገራችሁ ነገር ራሱ ባዶ ነው፤ ተናጋሪውን በአክብሮት አስረዱኝ በሉት። በሦስተኛው ከቆማችሁ ክፍሎቹ በእጃችሁ አሉ፤ የጎደለው ማያያዣው ነው።

መምህራንና ወላጆች ሆይ፣ «አልገባኝም» ያለን ልጅ ያንኑ ዓረፍተ ነገር ድምፃችንን ከፍ አድርገን አንድገምለት። የቱ ጋ እንደቆመ እንጠይቀው። የቆመበትን ቦታ በትክክል መናገር የቻለ ልጅ ግማሹን መንገድ ሄዷል፤ ቀሪውን አብረነው መሄድ የእኛ ግዴታ ነው።