ሽብልቅ የት ቢገባ ግንዱ ይከፈላል?

ደብረ ብርሃን ወደ 2,800 ሜትር ከፍታ ላይ ያለች ብርዳማ ከተማ ናት፤ ከክረምት በኋላ ሌሊቱ ውርጭ ይዞ ሲመጣ ማገዶ የግድ ነው። ዋናው ማገዶ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን አገራችን የገባው ባሕር ዛፍ ነው። ወፍራም ጉማጁን ግን ምሳር ብቻውን ስለማይበግረው ፈላጩ ሽብልቅ ያነሣል፤ ጫፉ የቀጠነ፣ ራሱ የወፈረ ብረት ወይም ጠንካራ እንጨት።

ስለቱ የሚያስፈልገው ለመግቢያ ብቻ ነው። ከገባ በኋላ ሥራውን የሚሠሩት ሁለቱ ዘንባላ ጎኖች ናቸው፤ ከላይ ያረፈውን ምት ወደ ግራና ቀኝ ያዞሩታል። ርዝመቱ 20፣ የራሱ ውፍረት 4 ሳንቲሜትር የሆነ ሽብልቅ ሰበቃ ባይኖር ጉልበትን 5 እጥፍ ያደርግ ነበር። ሰበቃው ከዚህ ብዙውን ይበላል፤ ሆኖም በምትና በምት መካከል ሽብልቁ ተመልሶ እንዳይወጣ የሚይዘውም እሱው ነው። በጣም ወፍራም ሽብልቅ ተስፈንጥሮ የሚወጣው ሰበቃው ሊይዘው ስለማይችል ነው።

ትልቁ ምስጢር ያለው ግን እንጨቱ ውስጥ ነው። ቃጫዎቹ በግንዱ ቁመት ስለተዘረጉ አግድም መቁረጥ ያደክማል፤ እርስ በርስ ያያያዛቸው ነገር ግን ደካማ ነው። ስንጥቁ አንዴ ከተከፈተ ከሽብልቁ ጫፍ ቀድሞ ይሮጣል፤ ጫፉ ምንም ሳይነካ ባዶ ቦታ ላይ ይቀራል። ስለዚህ ከጉልበት ይልቅ የቦታ ምርጫ ይበልጣል። እንጨት ሲደርቅ በቀለበቱ ዙሪያ የሚኮማተረው ወደ መሐሉ ከሚኮማተረው እጥፍ ያህል በመሆኑ፣ በጉማጁ ፊት ላይ ከመሐል ወደ ቅርፊት የሚሄዱ ስንጥቆች ይታያሉ። ሽብልቁን እዚያ ያስገቡ፤ ቅርንጫፍ የወጣበትን ቦታ ይሽሹ። ባሕር ዛፍ ደግሞ ቆሞ ሳለ ውጩ የተወጠረ፣ ውስጡ የታመቀ ነው፤ ሲቆረጥ ጫፉ በራሱ የሚሰነጠቀው ለዚህ ነው። ስለዚህ ባሕር ዛፍን መድረቁን ሳይጠብቁ በዚያው ስንጥቅ መፍለጥ ብልህነት ነው።

ሽብልቁ ተነክሶ ከቀረ አይነቅንቁት። በስንጥቁ ላይ ፈንጠር አድርገው ሁለተኛ ሽብልቅ ቢመቱ የመጀመሪያው ይላላል።

ወደ አንኮበር ሲወርዱ ጉሙና ዝናቡ ሌላ ችግር ያመጣል። በወፍ ዋሻ ደን ዳር ዝናብ የያዘው መንገደኛ የሚያገኘው ጭራሮ ሁሉ እርጥብ ነው። የደረቀ እንጨት ግን በዝናብ የሚርሰው በአብዛኛው ከላይ ነው፤ ክንድ የሚያህለውን ሰንጥቀው መሐሉን ካወጡ እሳት የሚይዝ ደረቅ ፍልጥ ይገኛል። ቢላዋ ካለ ከወደቀ ወይራ ሽብልቅ ጠርቦ በዱላ መምታት ይበቃል፤ የቆመ ዛፍ መንካት አያስፈልግም።

የብረት ሽብልቅ ራሱ በምት ብዛት ተደፍጥጦ ጠርዙ ከተገለበጠ በሞረድ ይስተካከል፤ ያ ጠርዝ ሲሰበር ፍንጣሪው ዓይን ያጠፋል። መምቻውም መዶሻ ይሁን፤ በምሳር ጀርባ ብረት መምታት የምሳሩን ማስገቢያ ይሰነጥቃል።