የዳካው መታሰቢያ፦ ያለ አስጎብኚ ለሚሄድ ሰው

ዳካው ከሙኒክ በስተ ሰሜን ምዕራብ የምትገኝ የባቫርያ ከተማ ናት። በከተማዋ ዳርቻ የነበረው የናዚ ማጎሪያ ካምፕ ዛሬ መታሰቢያና ሙዚየም ሆኗል። ካምፑ የተከፈተው ማርች 22 ቀን 1933 እ.ኤ.አ. (መጋቢት 13 ቀን 1925 ዓ.ም.) ሲሆን፣ ሂትለር ሥልጣን ከያዘ ገና ሁለት ወር አልሞላውም ነበር። ኤፕሪል 29 ቀን 1945 የአሜሪካ ጦር ነጻ እስኪያወጣው ድረስ በዋናው ካምፕና በቅርንጫፎቹ ከ40 በላይ አገሮች የመጡ ከ200,000 የሚበልጡ ሰዎች ታስረዋል። ከእነዚህም ቢያንስ 41,500ዎቹ ሞተዋል። (ከዚህ በኋላ ያሉት ዘመኖች ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ቦታው ስሙ የገነነውን ያህል ምንነቱ አይታወቅም። ብዙ ጎብኚ ፖላንድ ድረስ ሄዶ አውሽቪትዝን ማየት ሲያቅተው በምትኩ የሚያየው፣ አነስ ያለ አውሽቪትዝ አድርጎ ይወስደዋል። በዚህ ሐሳብ የሄደ ሰው ዋናውን ነገር ሳያይ ይመለሳል። ዳካው የማጎሪያ ሥርዓቱ ራሱ የተፈጠረበት ቦታ ነው። ደንቡ እዚህ ተጻፈ፣ ዘቦቹ እዚህ ሠለጠኑ፣ አዛዦቹም ከዚህ ወጥተው ወደ ሌሎቹ ካምፖች ተበተኑ።

የመጀመሪያዎቹ ወራት በጥሞና መታየት አለባቸው። ካምፑ የተቋቋመው ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በተረፈ የባሩድና የጥይት ፋብሪካ ግቢ ውስጥ ነው። መከፈቱን ያሳወቀው በወቅቱ የሙኒክ ፖሊስ አዛዥ የነበረው ሂምለር ነው፤ ለጋዜጠኞች መግለጫ ሰጠ፣ ጋዜጦችም አወጡት። ያን ጊዜ የተደበቀ ነገር አልነበረም። መጀመሪያ የታሰሩት ኮሚኒስቶች፣ ሶሻል ዴሞክራቶችና የሠራተኛ ማኅበር ሰዎች ሲሆኑ፣ ይጠብቋቸው የነበሩትም የባቫርያ ፖሊሶች ነበሩ። ኤፕሪል 11 ቀን ጥበቃው የናዚ ፓርቲ ታጣቂ ኃይል ወደሆነው ወደ ኤስኤስ ተላለፈ። በማግስቱ አራት አይሁዳውያን እስረኞች ከግቢ ተወስደው በጥይት ተደበደቡ። ኤስኤስ ሊያመልጡ ሲሉ የተመቱ ናቸው አለ።

ዮሴፍ ሃርቲንገር የተባለ የሙኒክ ዐቃቤ ሕግ ይህን ምክንያት አልተቀበለም። ሞሪትዝ ፍላም ከተባለ ሐኪም ጋር ካምፑ ድረስ ሄዶ አስከሬኖቹን አየ፤ ከዚያ በኋላ የሞቱትንም እየተከታተለ ማስረጃ ሰበሰበ፣ በካምፑ አዛዥ በሒልማር ቬከርለ ላይ ሳይቀር ክስ አዘጋጀ። በ1933 የጸደይ ወራት በጀርመን አንድ ዐቃቤ ሕግ የማጎሪያ ካምፕን በር አንኳኩቶ “ይህ ሰው እንዴት ሞተ?” ብሎ መጠየቅ ይችል ነበር። መዝገቡ ከላይ ታፈነ፤ አዛዡ ግን ተነሣ። በእሱ ቦታ የመጣው ቴዎዶር አይከ ነገሩን መልክ አስያዘው። በኦክቶበር 1933 ባወጣው የቅጣት ደንብ ግርፋቱ፣ የጨለማ ቤቱና ለአመፅ የሚሰጠው የሞት ቅጣት በአንቀጽ ተዘረዘሩ። በተከታዩ ዓመት አይከ የካምፖች ሁሉ ተቆጣጣሪ ሆኖ ሲሾም የዳካው ደንብ የሁሉም ደንብ ሆነ። ኋላ የአውሽቪትዝ አዛዥ የሆነው ሩዶልፍ ሆስም የካምፕ ሥራን የጀመረው በ1934 እዚሁ ዳካው ነው።

ወደ ቦታው መሄድ ቀላል ነው። ከሙኒክ ዋና ባቡር ጣቢያ ወደ ዳካው ወይም ወደ ፔተርስሐውዘን በሚሄደው ኤስ 2 ባቡር ከግማሽ ሰዓት በታች ይፈጃል፤ ከዳካው ጣቢያ 726 ቁጥር አውቶቡስ መታሰቢያው በር ላይ ያደርሳል። ለኤም-1 ቀጠና የተቆረጠ ትኬት ለሁለቱም ያገለግላል። ጉልበት ያለው ግን በእግሩ ቢሄድ ይመረጣል። “የመታሰቢያ መንገድ” የተባለው የ3 ኪሎ ሜትር ገደማ መስመር ከጣቢያው ተነሥቶ በመኖሪያ ቤቶች መካከል ያልፋል፤ ማብራሪያ ያላቸው ሰሌዳዎችም ተተክለውበታል። እስረኞች ከባቡር ወርደው ወደ ካምፑ ሲነዱ የከተማዋ ሰው ምን ያህል በቅርብ ያያቸው እንደነበረ ለመረዳት ከዚህ የእግር ጉዞ የተሻለ ማስረጃ የለም። መግቢያው በነጻ ነው። የድምፅ ማስጎብኛ መሣሪያ በመጠነኛ ክፍያ ይከራያል፤ ብቻውን የሚሄድ ሰው ያለ እሱ ባይገባ ይሻላል።

ወደ ካምፑ የሚገባው የዘቦች ሕንጻ በነበረው በር በኩል ነው። በብረት መዝጊያው ላይ “ሥራ ነጻ ያወጣል” የሚል ጽሑፍ አለ። አብዛኛው ሰው እዚህ ቆሞ ፎቶ ይነሣል፤ ፈገግ ብሎ የሚነሣም አይጠፋም፤ ይህ ነውር ነው። ደግሞም አሁን የተንጠለጠለው መዝጊያ ቅጂ ነው። ዋናው በኖቬምበር 2014 በሌሊት ተሰርቆ፣ በ2016 መጨረሻ ኖርዌይ ውስጥ በርገን አካባቢ ተገኝቶ፣ በ2017 ተመልሷል፤ የሚታየውም በሙዚየሙ ውስጥ ነው።

ከበሩ ወደ ቀኝ ያለው ረጅም ሕንጻ የካምፑ ወጥ ቤት፣ ልብስ ማጠቢያና መጋዘን የነበረ ነው። ዋናው ዐውደ ርእይ ያለው እዚያ ነው፤ ከሌላው ነገር ሁሉ በፊትም መታየት አለበት። እስረኞች ሲገቡ ስማቸውን ያስመዘገቡበት፣ ልብሳቸውን ያስረከቡበት፣ ፀጉራቸውን የተላጩበት ክፍል በዚሁ ውስጥ ነው። ሐኪሞች በእስረኞች ላይ ስላደረጉት ሙከራ የሚናገረው ክፍል ለመመልከት ከባድ ነው። ዚግሙንድ ራሸር ሰዎችን በበረዶ ውኃ ውስጥ ነክሮ ቀዝቅዘው እስኪሞቱ ይመዘግብ ነበር፤ ክላውስ ሺሊንግም እስረኞችን ሆን ብሎ በወባ ያስይዝ ነበር። ትንንሽ ልጆችን ወደዚህ ማምጣት አይገባም።

ከሕንጻው ፊት ለፊት ያለው ሰፊ ሜዳ ጠዋትና ማታ ቆጠራ የሚካሄድበት ነበር። ቁጥሩ ካልሞላ እስረኛው ሁሉ በውርጭም በዝናብም ለሰዓታት ይቆማል። አይሁዳዊው የዩጎዝላቭ ቀራጺ ናንዶር ግሊድ በ1968 የሠራው የነሐስ ሐውልትም እዚሁ ይገኛል፤ በአጥር ሽቦ ላይ የተጠላለፉ የሰው አካላትን ያሳያል። ከዋናው ሕንጻ ጀርባ ያለው የካምፑ እስር ቤት ብዙ ሰው ሳያየው የሚያልፈው ነው። እዚህ ታስሮ የነበረው፣ በ1939 ሂትለርን በቦምብ ለመግደል ሞክሮ ለጥቂት የሳተው አናጢ ጌኦርግ ኤልዘር ኤፕሪል 9 ቀን 1945 ዳካው ውስጥ ተገደለ፤ ካምፑ ነጻ ሊወጣ የቀረው ሦስት ሳምንት አልሞላም ነበር።

ከሜዳው ማዶ የነበሩት 34 የእስረኞች ማደሪያ ባራኮች ዛሬ የሉም። የቆሙት ሁለቱ እንደ አዲስ የተሠሩ ናቸው፤ የሌሎቹ ቦታ በሲሚንቶ ጠርዝና በጠጠር ተለይቷል። ውስጥ ያሉት አልጋዎች በየዘመኑ ዓይነት የተሠሩ ስለሆኑ በተርታ ማየት ይገባል። የመጀመሪያዎቹ በጣውላ የተከፈሉ፣ ለእያንዳንዱ ሰው የተለዩ ናቸው። በዚያ ዘመን ብርድ ልብሱ ትንሽ የተጨማደደበት ወይም ወለሉ ላይ ጭረት የተገኘበት እስረኛ ይገረፍ ነበር። የመጨረሻዎቹ አልጋዎች መከፋፈያ የላቸውም፤ ሰው በሰው ላይ ተጣብቦ የተኛባቸው ረጃጅም ሳንቃዎች ናቸው። ለ6,000 ሰው የታሰበው ካምፕ በመጨረሻው ከ30,000 በላይ ይዟል። ከጦርነቱ በኋላ፣ ከ1948 ጀምሮ፣ ባራኮቹ በአብዛኛው ከቼኮዝሎቫኪያ ለተባረሩ ጀርመናውያን ቤተሰቦች መኖሪያ ተደረጉ፤ እስከ 1960ዎቹ አጋማሽ ድረስም ተኖረባቸው። በ1965 መታሰቢያው የተከፈተው ከካምፑ የተረፉት እስረኞች አጥብቀው ስለጠየቁ ነው፤ ያለ እነሱ ውትወታ ዛሬ የሚጎበኝ ነገር ባልኖረ።

በባራኮቹ መካከል በሚያልፈው መንገድ ጫፍ የካቶሊክ፣ የፕሮቴስታንት፣ የአይሁድና የሩሲያ ኦርቶዶክስ መታሰቢያዎች አሉ። በዳካው ከ2,700 በላይ የሃይማኖት አባቶች ታስረው ነበር፤ የሚበዙትም የፖላንድ ካቶሊክ ካህናት ናቸው።

ከአጥሩ ውጭ፣ በዛፎች መካከል፣ አስከሬን ማቃጠያው ይገኛል። ስለ ዳካው የሚነገረው ትልቁ ስሕተት የሚመነጨውም ከዚህ ነው። በአዲሱ ማቃጠያ ሕንጻ ውስጥ የመታጠቢያ ክፍል አስመስለው የሠሩት የጋዝ ክፍል አለ፤ በሩ ላይ “መታጠቢያ” ተብሎ ተጽፏል፣ ጣሪያው ላይም የሐሰት የውኃ ማፍሰሻዎች ተገጥመዋል። ብዙ ጎብኚ ከበር ቀጥታ ወደዚህ ይመጣል፤ ፎቶ ያነሣል፤ አገሩ ሲመለስም “በዳካው ሺዎች በጋዝ ያለቁበትን ክፍል አየሁ” ብሎ ይናገራል። ይህ ትክክል አይደለም። ክፍሉ ለጅምላ ግድያ አልዋለም። ናዚዎች ሰዎችን በጅምላ በጋዝ የፈጁባቸው ዋና ዋናዎቹ የግድያ ማዕከሎች፣ ኸልምኖ፣ ቤውዜትስ፣ ሶቢቦር፣ ትሬብሊንካና አውሽቪትዝ-ቢርከናው፣ በወረሯት ፖላንድ ምድር ላይ የነበሩ ናቸው።

ስሕተቱ ጉዳት አለው። በ1960 የታሪክ ሊቁ ማርቲን ብሮሻት ይህንኑ ልዩነት በጀርመን ጋዜጣ ሲያስረዳ፣ የአይሁዳውያንን ጭፍጨፋ የሚክዱ ሰዎች የቃሉን ግማሽ ቆርጠው ለክሕደታቸው ማስረጃ አደረጉት። ዛሬም የጎብኚዎችን የተሳሳተ ወሬ እየለቀሙ “ይህ ሐሰት ከሆነ ያኛውም ሐሰት ነው” ይላሉ። ያላጣራውን የሚያወራ ጎብኚ፣ ሐሳቡ ቅን ቢሆንም፣ ለእነሱ ስንቅ ያቀብላል።

በዳካው ሞት የመጣው በሌላ መንገድ ነው፦ በረሃብ፣ አቅም በሚጨርስ ሥራ፣ በድብደባ፣ በጥይት፣ በሐኪሞች ሙከራ፤ በ1944-45 ክረምት ደግሞ ሺዎችን በፈጀው የታይፈስ ወረርሽኝ። የማቃጠያው ምድጃዎች ለእነዚህ ሁሉ ሬሳዎች የተሠሩ ናቸው። በመጨረሻ የድንጋይ ከሰል ሲያልቅ ሙታኑን ላይተንበርግ በተባለ ኮረብታ ላይ በጅምላ ቀበሯቸው። በጋዝ የሞቱ የዳካው እስረኞችም አሉ፤ የሞቱት ግን እዚህ አይደለም። ከ1942 ጀምሮ ከ2,500 በላይ የሚሆኑ፣ “ለሥራ አይረቡም” የተባሉ በሽተኞች ኦስትሪያ ወዳለው የሃርትሃይም ግንብ ተጭነው ተገድለዋል።

የአይሁዳውያኑ ዕጣም ከዚሁ ጋር ይታያል። በኖቬምበር 1938 በአይሁዳውያን ላይ በተካሄደው የጅምላ ጥቃት (ፖግሮም) ከ10,000 በላይ አይሁዳውያን ወንዶች ወደ ዳካው ተወሰዱ፤ አብዛኞቹ አገር ለቀው እንዲሄዱ ተገደው ተለቀቁ። በ1942 በካምፑ የነበሩት ወደ አውሽቪትዝ ተላኩ። በ1944 ደግሞ ከሃንጋሪና ከሊቱዌንያ የመጡ ብዙ ሺዎች ካውፈሪንግና ሙልዶርፍ በተባሉ ቅርንጫፍ ካምፖች የአውሮፕላን ፋብሪካ ምሽግ ሲገነቡ አለቁ። በካውፈሪንግ የሚያድሩት ግማሹ አፈር ውስጥ በተቀበረ ጎጆ ነበር።

ጊዜ የተረፈው ሰው ከካምፑ ወጣ ብሎ የሚገኘውን የሄበርትስሐውዘንን የተኩስ ልምምድ ሜዳ ይመልከት። በ1941 እና በ1942 ኤስኤስ ከ4,000 በላይ የሶቪየት ምርኮኞችን የረሸነው እዚያ ነው። ከዋናው መታሰቢያ በእግር የሚደረስ ሆኖ ሳለ የሚሄድበት ሰው ጥቂት ነው።

ዳካውን ከሰዓት በኋላ በሁለት ሰዓት ውስጥ አይቶ ማታ ቢራ ቤት ለመግባት የሚያስብ ሰው ሌላ ቀን ቢመርጥ ይሻለዋል። ሙዚየሙ ብቻውን ግማሽ ቀን ይወስዳል፤ ምግብም ግቢው ውስጥ ሊበላ አይገባም። መታሰቢያው የሚከፈተው በኢትዮጵያውያን አቆጣጠር ከጠዋቱ 3 ሰዓት ሲሆን የሚዘጋው 11 ሰዓት ነው፤ ከሙኒክ 2 ሰዓት ተኩል ገደማ የተሳፈረ በሩ እንደተከፈተ ይደርሳል። በዓመት ውስጥ ዝግ የሚሆነው ዲሴምበር 24 ቀን ብቻ ነው።