መዶሻው ሲሰበር የተገኘ ጀግና

ብዙ ሰው ጀግና ማለት ከቀን ወደ ቀን ኃይል የሚጨመርለት ሰው ይመስለዋል። ስለ ቶር የተሠሩት ፊልሞች ግን የሚያሳዩን ሌላ ነው፤ ይኸውም ጀግናው የሚያድገው በተጨመረለት ሳይሆን በተወሰደበት ነገር መሆኑን ነው።

ቶር በጥንት የሰሜን አውሮፓ ሕዝቦች ተረት የነጐድጓድ አምላክ ነው። አሜሪካኖች በ1962 ዓ.ም. (ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው) በሥዕል በሚተረክ መጽሔት አወጡት፤ በ2011 ዓ.ም. ደግሞ የራሱን ፊልም ሠሩለት። ያን ፊልም ያዘጋጀው በሼክስፒር ድርሰቶች የታወቀው ኬኔት ብራና ስለ ነበረ፣ ነገሩ የአባትና የልጅ፣ የዙፋንና የወንድም ቅናት ታሪክ ሆነ። ክሪስ ሄምስዎርዝ የሠራው ቶር ትዕቢተኛ አልጋ ወራሽ ነውና፣ አባቱ ንጉሥ ኦዲን ኃይሉንና መዶሻውን ቀምቶ ወደ ምድር ይጥለዋል። መዶሻው የሚመለስለትም ለሰዎች ሲል ነፍሱን አሳልፎ በሰጠ ጊዜ ነው።

በ2013 ዓ.ም. የወጣው ሁለተኛው ፊልም እናቱ የምትገደልበት፣ ከፊተኛው ይልቅ የጨለመ ነበር።

አካሄዱ የተለወጠው በ2017 ዓ.ም. የኒውዚላንድ ተወላጅ የሆነው ታይካ ዋይቲቲ ሦስተኛውን ሲያዘጋጅ ነው። ቀለሙ ደመቀ፤ ቀልድ በዛ። ነገር ግን ተመልካቹ በሚስቅበት ሰዓት ከቶር እጅ ምን ያህል ነገር እንደሚወጣ ልብ ይሏል። አባቱ ይሞታል፤ መዶሻው በእኅቱ እጅ ይደቅቃል፤ ጠጉሩ ይቆረጣል፤ አንድ ዓይኑ ይጠፋል፤ በመጨረሻም አገሩ አስጋርድ ትጠፋለች። ነጐድጓዱ ከመዶሻው ሳይሆን ከራሱ እንደሚወጣ፣ አገርም ማለት ሕዝቡ እንጂ ግንቡ አለመሆኑን የሚረዳው ያን ጊዜ ነው።

ከሌሎች ጀግኖች ጋር በተሰለፈበት በ2019 ዓ.ም. ፊልም ቶር በኀዘንና በመጠጥ ወፍሮ ይታያል። ሆኖም የቀድሞው መዶሻ ሲጠራው ወደ እጁ ይመጣል፤ ክብሩ ከመልኩ ጋር አልጠፋምና።

በ2022 ዓ.ም. ዋይቲቲ አራተኛውን ሲሠራ ቀልዱን ከመጠን በላይ አበዛው። የሚወዳት ጄን በካንሰር ስትሞት እንኳ ኀዘኑ በቂ ቦታ አላገኘም፤ የተመልካቹም አስተያየት ተከፋፈለ። ይሁንና መጨረሻው ያምራል፤ ዙፋን ለመውረስ ይቸኩል የነበረው ጐልማሳ የጠላቱን ልጅ ተቀብሎ ቁርስ እያበሰለ የሚያሳድግ አባት ሆኗል።

እንግዲህ ሳቅ ከጀግናው ጉዳት ጋር ሲሄድ ጀግናውን ያሳድገዋል፤ ብቻውን ሲሄድ ግን ያሳንሰዋል። ለወጣት አንባቢም የሚተርፍ ጥያቄ አለ፤ ማዕረጉና መሣሪያው ቢወሰድበት የሚቀረው ሰው ምን ዓይነት ነው?