አከርካሪና ኅብለ ሰረሰር በምስል ምርመራ ቋንቋ

በሕክምና ጽሑፎች ትርጉም «አከርካሪ» እና «ኅብለ ሰረሰር» አንዱ በሌላው ቦታ ሲገባ እናያለን። አከርካሪ የአጥንት ዓምድ ነው፤ በአንገት 7፣ በደረት 12፣ በወገብ 5 ተንቀሳቃሽ አንጓዎች አሉት። ኅብለ ሰረሰር ግን በአንጓዎቹ ቀዳዳ የሚያልፈው የነርቭ ገመድ ነው። ልዩነቱን ምርመራው ራሱ ያስገድዳል። ስሙን ከጣሊያንኛ የወረስነው ራጅ የአጥንቱን ስብራት፣ መንሸራተትና መጉበጥ ያሳያል፤ ሲቲ ስካን ረቂቁን ስንጥቅ ይለያል፤ የነርቩን ገመድ ጉዳት አጥርቶ የሚያሳየው ኤም አር አይ ነው። ስለዚህ «በራጅ ኅብለ ሰረሰሩ ደኅና ሆኖ ተገኝቷል» ብሎ የሚተረጉም ሰው ራጁ ያላየውን ይመሰክራል፤ በሽተኛውም የሚያስፈልገውን ተጨማሪ ምርመራ ሳያገኝ ሊቀር ይችላል። ስለሆነም ለዓምዱ «አከርካሪ»፣ ለእያንዳንዱ አጥንት «አንጓ»፣ ለነርቩ ገመድ «ኅብለ ሰረሰር» ተለይተው እንዲጸኑ እናሳስባለን።