ወንጀለኛው ድንበር ከተሻገረ ማን ይመልሰዋል?

አንባቢ ሆይ! በዋግ ኽምራ፣ በጽጽቃ ከተማ፣ አንድ ሰው ነፍስ አጥፍቶ ወደ ጐንደር ቢሸሽ ከሕግ አመለጠ ይሉታልን? አላመለጠም፤ በዚያም ያለው ዳኛ በዚያው ሕግ የሚፈርድ ነውና ፖሊስ ይዞ ይመልሰዋል። የአገሩን ወሰን ካለፈ ግን ነገሩ ሌላ ነው። የእኛ ፖሊስ በሰው አገር ገብቶ አይዝም፤ መንግሥት መንግሥትን መጠየቅ አለበት።

ጥያቄውም ሁልጊዜ አይሰምርም። ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም በግንቦት ወር 1983 ዓ.ም. ወደ ዚምባብዌ ሸሹ። በ1999 ዓ.ም. በሌሉበት በዘር ማጥፋት ወንጀል ጥፋተኛ ተብለው ዕድሜ ልክ እስራት፣ በ2000 ዓ.ም. ደግሞ በይግባኝ ሞት ተፈረደባቸው፤ የሙጋቤ መንግሥት ግን አሳልፎ አልሰጣቸውም። ልጆቻቸውን ያጡ እናቶች ፍርዱን ሰሙ እንጂ ተፈራጁን በዳኛ ፊት ቆመው አላዩአቸውም።

በሌላው ከመፍረድዎ በፊት የራሳችንንም ሕግ ይመልከቱ። የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ አንቀጽ 21፣ በውጭ አገር ተራ ወንጀል ሠርቶ ወደ እኛ የተጠጋን የውጭ ዜጋ አሳልፎ መስጠትን ይፈቅዳል፤ ኢትዮጵያዊን ግን ለሌላ አገር አይሰጥም። ታዲያ ይለቀዋልን? የለም፤ በአገሩ ዳኛ ፊት ያቆመዋል። አሳልፎ አለመስጠት ብቻውን ነውር አይደለም፤ ሳይሰጡም ሳይፈርዱም መተው ግን የተበደለውን ዳግመኛ መበደል ነው።