ለአዋቂ እንግዳ፦ የዊኪፔዲያ ትውውቅ

አሜሪካዊው ደራሲ ፊሊፕ ሮዝ እ.ኤ.አ. በ2012 ስለ ገዛ ልቦለዱ ዊኪፔዲያ ላይ የሰፈረው ነገር ስህተት ነው ብሎ እንዲታረም አስጠየቀ። ክርክሩ «ዘ ሂዩማን ስቴይን» የተባለው መጽሐፉ ዋና ገጸ ባሕርይ ከማን ሕይወት ተቀዳ የሚል ነበር። ገጹ አናቶል ብሮያርድ የተባለውን ሃያሲ ይጠቅስ ነበር፤ ሮዝ ደግሞ መነሻዬ የፕሪንስተኑ ፕሮፌሰር ሜልቪን ቱሚን ነው አለ። የደራሲው ቃል ብቻውን አይበቃም፣ ሌላ ምንጭ ያስፈልጋል ተባለ። ሮዝም በ«ኒውዮርከር» በኩል ረጅም ግልጽ ደብዳቤ አወጣ። ደብዳቤው ሲወጣ ታዲያ የተፈለገው ምንጭ ተገኘ፤ ገጹም እሱኑ ጠቅሶ ተስተካከለ።

እርስዎ በአንድ ሙያ ውስጥ ዕድሜዎን ያሳለፉ ሰው ከሆኑና የሚያውቁትን ለዚህ መዝገበ ዕውቀት ለማካፈል ካሰቡ፣ የሮዝን ነገር አስቀድመው ቢሰሙት ይሻላል። ዊኪፔዲያ «ማን ነዎት?» ብሎ አይጠይቅም። የሚጠይቀው «የት ተጽፏል?» ብሎ ነው። ለብዙ ምሁር ይህ እንደ ስድብ ይሰማል፤ ምክንያቱ ግን ቀላል ነው። አርታኢዎቹ አብዛኞቹ በብዕር ስም የሚጽፉ በጎ ፈቃደኞች ናቸው፣ ዲግሪ የሚያመሳክር መዝገብ ቤትም የለም። እ.ኤ.አ. በ2007 በእንግሊዝኛው ዊኪፔዲያ ትልቅ ኃላፊነት የነበረው አንድ አርታኢ፣ የሥነ መለኮት ፕሮፌሰር ነኝ ሲል ኖሮ ያልተመረቀ የ24 ዓመት ወጣት ሆኖ ተገኝቷል። ሰውን ማመን በማይቻልበት ቦታ የሚታመነው መጽሐፉና የገጽ ቁጥሩ ነው።

አዋቂዎችን ብቻ ይዞ መጀመር ተሞክሮ ነበር። ጂሚ ዌልስና ላሪ ሳንገር እ.ኤ.አ. በ2000 «ኑፔዲያ» የተባለ መዝገበ ዕውቀት ከፍተው እያንዳንዱን ጽሑፍ በሰባት የግምገማ ደረጃ ያሳልፉ ነበር። በመጀመሪያው ዓመት ያለቁት ጽሑፎች ሁለት ደርዘን እንኳ አልሞሉም። እ.ኤ.አ. በጥር 2001 ማንም የሚጽፍበትን ዊኪፔዲያን ለረዳትነት ከፈቱ፤ ረዳቱ ዋናውን ዋጠው። ሳንገር በኋላ ተለይቶ ወጥቶ፣ ሰዎች በእውነተኛ ስማቸው የሚጽፉበትና ባለሙያ የሚከበርበት ሌላ መዝገብ አቋቁሞ ነበር። ብዙ አልተራመደም።

የአማርኛው ቅርንጫፍ ዛሬ 15 ሺህ ገደማ ጽሑፎች አሉት፤ እንግሊዝኛው ከ6 ሚሊዮን በላይ። ልዩነቱ የቁጥር ብቻ አይደለም። በእንግሊዝኛው አዲስ አርታኢ አንድ ዓረፍተ ነገር ሲለውጥ በደቂቃዎች ውስጥ የሚመልስበት ሰው ሊመጣ ይችላል። አንድ የታሪክ ፕሮፌሰር እ.ኤ.አ. በ1886 ቺካጎ ውስጥ ስለፈነዳው የሄይማርኬት ቦምብና ስለ ችሎቱ ለዓመታት መርምሮ ያገኘውን ሲያስገባ ደጋግመው ሰርዘውበታል፦ አብዛኞቹ መጻሕፍት የሚሉት ሌላ ነው ብለው። በአማርኛው ግን ችግሩ ተከራካሪ መብዛቱ ሳይሆን መጥፋቱ ነው። የሚከታተል ዓይን ጥቂት በመሆኑ የተሳሳተ ነገር ሳይነካ ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ የእርስዎ ጥንቃቄ እዚህ የበለጠ ያስፈልጋል፤ የሚያርምዎት ሰው ላይኖር ይችላልና።

ከሁሉ የሚከብደው ጉዳይ የቃል ዕውቀት ነው። የአገራችን ዕውቀት ብዙው በሰው አፍ ያለ ነው፤ ቅኔ ቤት የተማረው፣ ሸማኔው፣ ሽማግሌው የሚያውቀው ገና ወረቀት አላየም። «ከአባቶች የሰማሁት» የሚለው ቃል ዊኪፔዲያ ላይ ምንጭ ሆኖ አያልፍም። ይህ ሕግ ለእኛ ይከብዳል፣ ፍትሐዊም አይመስለኝም፤ ቢሆንም መውጫ አለው። የሚያውቁትን መጀመሪያ በመጽሔት፣ በጋዜጣ ወይም በመጽሐፍ ያሳትሙ፤ ከዚያ በኋላ ሌላው ሰው ሊጠቅሰው ይችላል። ምንጩም እንግሊዝኛ መሆን የለበትም። የአማርኛ፣ የግዕዝ፣ የትግርኛ መጽሐፍ እኩል ይቆጠራል። የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም የሚያሳትመው መጽሔትና እ.ኤ.አ. ከ2003 እስከ 2014 በአምስት ቅጽ የወጣው «ኢንሳይክሎፒዲያ ኢትዮፒካ» ደግሞ ለብዙ ርዕስ ጥሩ መነሻ ናቸው። በአንድ ጉዳይ ላይ ሁለት መጽሐፍ ቢጣሉ ሁለቱንም ከነስማቸው ማስፈር እንጂ ዳኛ መሆን የእርስዎ ሥራ አይደለም።

ጀማሪን የሚያሰናክሉ የእኛው ጣጣዎችም አሉ። አንዱ የዘመን አቆጣጠር ነው። የዓድዋ ድል የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው፤ ወደ እ.ኤ.አ. ሲቀይር በዓመቱ ላይ ሰባት ብቻ የደመረ ሰው 1895 ብሎ ይጽፋል፣ ትክክሉ ግን 1896 ነው። ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. ሳይሉ ቁጥር አያስቀምጡ። ሌላው የስም ነገር ነው። የምንጭ ቅጹ የቤተሰብ ስም ስለሚጠይቅ የታሪክ ምሁሩን ባሕሩ ዘውዴን «ዘውዴ፣ ባሕሩ» ብለው የሚያስገቡ አሉ፤ መጽሐፉን አባትየው የጻፉት ያስመስላል። አንድ ርዕስ ደግሞ «ዓፄ»፣ «አፄ»፣ «ዐጼ» እየተባለ ሊፈለግ ስለሚችል፣ አዲስ ገጽ ከመክፈትዎ በፊት በሌሎቹ ፊደሎችም ይፈልጉ። ካልሆነ አንድ ንጉሥ ሁለት ገጽ ይኖረዋል።

«አርም» የሚለውን ሲጫኑ ምንም ነገር አበላሻለሁ ብለው አይፍሩ። የገጹ ታሪክ እያንዳንዱን ለውጥ ከነሰዓቱ ይይዛል፤ የተሰረዘውም የተጻፈውም እዚያው ነው፣ በአንድ ጠቅታ ይመለሳል። የጻፉት ቢመለስብዎት መልሰው መላልሰው አይጻፉ፤ በገጹ የውይይት ክፍል ምንጭዎን አስቀምጠው ምክንያቱን ይጠይቁ። ነባሮቹም ቢሆኑ አዲስ መጪን እንዳይነክሱ የሚያዝ መመሪያ አላቸው። (መመሪያው መጻፍ ማስፈለጉ በራሱ ይናገራል።) ስለ ራስዎ፣ ስለ ዘመድዎ ወይም ስለ መሥሪያ ቤትዎ ባይጽፉ ይመረጣል። ከታተመ መጽሐፍ መገልበጥም አይፈቀድም፤ የራስዎ መጽሐፍ ቢሆን እንኳ ነጻ ፈቃድ መስጠትዎን ማሳወቅ አለብዎት። ማሽን የተረጎመውን ሳያዩ መለጠፍ ደግሞ የአማርኛውን ዊኪፔዲያ ከጎዱት ነገሮች አንዱ ነው።

አንድ ነገር አስቀድመው ይወቁ፦ ጽሑፉ ላይ ስምዎ አይወጣም። ማንም ሊያርመው፣ ሊያሳጥረው፣ ምንጩን ጠቅሶ ሊሸጠውም ይችላል፤ ፈቃዱ እንዲያ ይላል። ይህ የሚከብድዎት ከሆነ መጽሐፍ ቢጽፉ ይሻላል፣ መጽሐፍዎንም እኛ እንጠቅሰዋለን።

የማይከብድዎት ከሆነ ግን በትልቅ ርዕስ አይጀምሩ። በሙያዎ የተጻፈ አንድ አጭር ገጽ ይክፈቱና ምንጭ የሌለው ዓረፍተ ነገር ይፈልጉ። መጽሐፉን ከመደርደሪያ ያውርዱ፤ ደራሲውን፣ የታተመበትን ዓመትና የገጹን ቁጥር ጨምረው ያስቀምጡ። ለዛሬ ይህ ይበቃል፤ ነገ ሁለተኛውን ይጨምሩ።