ነዳጅ ሲሰጠው የሚንቀጠቀጥ መኪና፦ ባላንስ ከማሰራታችሁ በፊት ይቺን አንብቡ

መኪናችሁ ነዳጅ ስትሰጡት ይንቀጠቀጣል፣ እግራችሁን ስታነሱ ደግሞ ምንም እንዳልነበረ ጸጥ ይላል? ባላንስ አሰራችሁ፣ አልተሻለውም። ጎማ ቀየራችሁ፣ ያው ነው። አንዱ ጋራዥ «የሞተር መቀመጫ ጎማ ነው» አላችሁ፣ እሱም ተቀየረ፣ መንቀጥቀጡ ግን የትም አልሄደም። ከወልቂጤም ከቡታጅራም በውስጥ መስመር ከሚደርሱን የመኪና ጥያቄዎች ውስጥ ይሄኛው ተደጋግሞ ስለሚመጣ ዛሬ ዘርዘር አድርገን እንየው ብለናል።

እንዲህ ዓይነት መኪና ላይ መጀመሪያ መጠርጠር ያለባት ከመኪናው ሥር የተደበቀች አንዲት ዕቃ ናት። የውስጠኛዋ ሲቪ ጆይንት ትባላለች።

ቪትዝ፣ ያሪስ፣ አዳዲሶቹ ኮሮላዎች፣ ሱዙኪ ዲዛየር የሚጎተቱት በፊት ጎማቸው ነው። ከካምቢዮው ግራና ቀኝ ሁለት ዘንጎች ይወጣሉ፤ ሻፍት እንላቸዋለን። እያንዳንዱ ሻፍት ሁለት መገጣጠሚያ አለው፣ አንዱ ጎማው ጋ፣ ሌላው ካምቢዮው ጋ። ጎማው ጋ ያለችው የውጭኛዋ ናት። በውስጧ ስድስት ኳሶች አሏት፤ ሥራዋም መሪ ሲጠመዘዝ ጎማው ወደ ጎን እየዞረ ጉልበት እንዳይቋረጥበት ማድረግ ነው። ይህን በኳስ የሚሠራ ዓይነት በ1920ዎቹ (እ.ኤ.አ.) የፈጠራ መብት ያወጣበት አልፍሬድ ርዜፓ የሚባል የፎርድ መሐንዲስ ነው። በ1959 (እ.ኤ.አ.) የወጣችው የእንግሊዟ ሚኒ ከተጠቀመችበት በኋላ በፊት ጎማ የሚጎተቱ ትንንሽ መኪኖች ዓለምን አጥለቀለቁ።

የዛሬዋ ጉዳያችን ግን የውስጠኛዋ ናት። እሷ ሌላ ፀባይ አላት። ሦስት ክንድ ያላት ኮከብ ነገር አስቡ። በእያንዳንዱ ክንድ ጫፍ ላይ የምትሽከረከር ቀለበት አለች። ይቺ ኮከብ ሦስት ቦይ ባለው የብረት ኩባያ ውስጥ ትገባለች። ጎማው ጉድጓድ ውስጥ ሲወርድና ሲወጣ በካምቢዮውና በጎማው መሀል ያለው ርቀት ይቀያየራል አይደል? ሻፍቱ ደግሞ ብረት ነው፣ እንደ ላስቲክ አይሳብም። ስለዚህ ኮከቧ በኩባያው ውስጥ ወደ ውስጥና ወደ ውጭ እየተንሸራተተች ልዩነቱን ትሞላለች። ጉድጓድ በበዛ ቁጥር እሷ ሥራ ላይ ናት።

ታዲያ ቀለበቶቹ ሁልጊዜ የሚመላለሱት እዚያው አንድ ቦታ ላይ ስለሆነ ዓመታት ሲያልፉ የቦዩን ግድግዳ ይበሉታል፤ ትንሽ ረግረግ ያለ ጎድጓዳ ይፈጠራል። ጉልበት ሲመጣ ቀለበቷ እዚያ ጎድጓዳ ውስጥ ትያዛለች፣ ከዚያ ዘላ ትወጣለች። ክንዶቹ ሦስት ስለሆኑ ሻፍቱ አንዴ በዞረ ቁጥር ሦስት ጊዜ ይገፋል። ወንበራችሁና ወለሉ ላይ የሚሰማችሁ መንቀጥቀጥ ይሄ ነው። እግር ሲነሳ ጉልበቱ ስለሚቀር ጸጥ ይላል።

ስለዚህ ጋራዥ ከመሄዳችሁ በፊት ራሳችሁ መለየት የምትችሉት ብዙ ነገር አለ። መንቀጥቀጡ እግር ቢነሳም ባይነሳም አንድ ፍጥነት ላይ የሚቆይ ከሆነ፣ በተለይ መሪው ላይ ከሆነ፣ ወደ ባላንስና ጎማ ሂዱ። ፍሬን ሲያዝ ብቻ ከሆነ የፍሬን ዲስክ ነው የሚጠረጠረው። መኪናው ቆሞ ማርሹ ዲ ላይ እያለ ከሆነ የሞተር መቀመጫ ጎማ ወይም ሞተሩ ራሱ ነው። መሪ እስከ መጨረሻ አዙራችሁ ስትነሱ «ቀጭ ቀጭ ቀጭ» ካለ የውጭኛዋ ሲቪ ጆይንት ናት። ነዳጅ ሲሰጠው ብቻ፣ ያውም መካከለኛ ፍጥነት ላይ ወይ ዳገት ላይ ሲበረታ ከሆነ ግን የውስጠኛዋን አስቀድማችሁ አስፈትሹ። ከዲ ወደ አር ስትቀይሩ «ጓ» የሚል ድምፅ ከታከለበት ጥርጣሬው ይጠነክራል።

ከወልቂጤ ወደ ጅማ የሚነዳ ሰው ይሄን ለመለየት የተመቸ ቦታ አለው፤ ግቤ። ወደ ወንዙ ሲወርድ እግሩ ነዳጅ ላይ ስለሌለ መኪናው ሰላም ነው። ድልድዩን አልፎ ዳገቱን ሲጀምር ይንቀጠቀጥበታል። ለመካኒኩ «ይንቀጠቀጣል» ብቻ ብሎ ከመተው «ዳገት ላይ ስረግጥ ይንቀጠቀጣል፣ ቁልቁለት ላይ ይተዋል» ማለት ግማሽ ምርመራ ነው። አጠገባችሁ የተቀመጠው ሰው ድምፁን በስልክ ቢቀዳላችሁ ደግሞ የበለጠ ነው። ሹፌሩ ራሱ ስልክ ይዞ እንዳይቀዳ፣ አደራ።

እዚህ አካባቢ ለምን ቶሎ ታልቃለች? አንዱ ምክንያት ላስቲኩ ነው። መገጣጠሚያዋን የሚሸፍን እንደ አኮርዲዮን የተጣጠፈ ላስቲክ አለ፤ ውስጡ ግሪስ ይዟል። ከተቀደደ ግሪሱ ይረጫል፣ በምትኩ አቧራና ጭቃ ይገባል። በበጋ ከአስፋልት ወጥቶ ወደ ገጠር ቀበሌዎች የሚነዳ ሰው አቧራውን ያውቀዋል፤ በክረምት ደግሞ ጭቃው። ግሪስ ከአሸዋ ጋር ሲቀላቀል ብረት መሞረጃ ሆነ ማለት ነው። ላስቲክ መቀየር ርካሽ ነው፣ ጆይንት መቀየር ግን አይደለም።

ሌላው ምክንያት ብዙ ሰው የማይጠረጥረው ነው፤ መኪና ከፍ ማስደረግ። ሆዷ መንገድ እንዳይነካ ተብሎ ቪትዝ ሞላዋ ላይ ማስነሻ ይገባላታል። ለመንገዱ ልክ ናችሁ፣ አንፈርድም። ግን መኪናው ከፍ ሲል ሻፍቱ ከካምቢዮው ወደ ጎማው የሚወርድበት ማዕዘን ይጨምራል። የውስጠኛዋ ጆይንት ደግሞ ትልቅ ማዕዘን አትወድም። በጣም ከፍ የተደረገ መኪና አዲስ ጆይንት ገብቶለትም ሊንቀጠቀጥ ይችላል። ስለዚህ ከፍ ካስደረጋችሁት ለመካኒኩ መጀመሪያ ንገሩት።

ይህን ስንጽፍ አንድ ነገር ትዝ አለን። በ1950ዎቹ አዲስ አበባ የነበሩ የጉራጌ ተወላጆች ከኪሳቸው አዋጥተው የመንገድ ሥራ ድርጅት አቋቁመው ወደ አገራቸው መንገድ ያስቆፍሩ ነበር። ያ ትውልድ መንገዱን አመጣ፣ የጉድጓዱ ሒሳብ ደግሞ ለኛ ደረሰ።

ወደ ጥገናው እንግባ። ራሳችሁ ሥሩት አንልም። ግን አጠገቡ ቆማችሁ ምን እየተሠራ እንደሆነ ብታውቁ ጥሩ ነው።

ሥራው የሚጀምረው መኪናው መሬት ላይ እያለ፣ የእጅ ፍሬን ተይዞ፣ የኋላ ጎማዎቹ ድንጋይ ወይ እንጨት ተደርጎባቸው ነው። የጎማው መሀል ላይ ያለው ትልቅ ዳዶ (በብዙ ቶዮታዎች 30 ቁጥር ነው) መጀመሪያ የሚላላው አሁን ነው፤ ምክንያቱም በጣም የጠበቀ ስለሆነ ክሪክ ላይ የተሰቀለ መኪና ላይ መታገል አደጋ ነው። ከዚያ ይነሳል፣ ግን በክሪክ ብቻ አይተውም። ጠንካራ የብረት መደገፊያ ይገባለታል። በክሪክ ብቻ በቆመ መኪና ሥር የሚገባ ሰው ካያችሁ አስቁሙት፤ ዕድሜው የፈለገውን ያህል ቢሆን፣ «ጋሼ፣ መደገፊያ ይግባለት» ማለት ነውር አይደለም።

ጎማው ይወልቃል፣ የመሪው ጫፍና የታችኛው ክንድ ይላቀቃል፣ ሻፍቱ ከጎማው መቀመጫ ተገፍቶ ይወጣል። እዚህ ላይ ሁለት የተለመዱ ጥፋቶች አሉ። አንደኛው የሻፍቱን ጥርስ በመዶሻ በቀጥታ መደብደብ ነው፤ ጥርሱ ከተበላሸ ዳዶው አይገባም። ሁለተኛው ሻፍቱን በእጅ ጎትቶ ከካምቢዮው ለማውጣት መታገል ነው። ሲጎተት ኮከቧ ከኩባያዋ ትወጣለች እንጂ ኩባያዋ ከካምቢዮው አትወጣም። ትክክለኛው ኩባያዋን ራሷን በፌሮ ፈልቅቆ ማውጣት ነው። ሲወጣ የካምቢዮ ዘይት ይፈሳል፣ ከሥሩ ዕቃ ይደረግለት። የፍሬን ቱቦና የኤቢኤስ ሽቦም እንዳይወጠሩ።

ጠረጴዛ ላይ ላስቲኩ ተቆርጦ ግሪሱ ሲጠረግ እውነቱ ይወጣል። ጥፍራችሁን በቦዩ ግድግዳ ላይ አስኪዱት። ጥፍር ከያዘ ኮከቧን ብቻ መቀየር ዋጋ የለውም፣ ኩባያዋም አብራ ትቀየር። ቦዩ ለስላሳ ከሆነ ደግሞ ላስቲክና ግሪስ ብቻ ይበቃት ይሆናል። አዲስ ግሪስ ሞልቶ መልሶ መግጠምም ለትንሽ ጊዜ መንቀጥቀጡን ይደብቃል፤ መኪና ሊሸጥላችሁ የመጣ ሰው ላስቲኩ አዲስ ከሆነ ለምን እንደተቀየረ ጠይቁት።

ግሪሱ ከዕቃው ጋር የሚመጣው መሆን አለበት፣ ሙሉውን። ከጣሳ የተጨለፈ የኩሽኔታ ግሪስ የዚች ጆይንት አይደለም። ሲገጠም ደግሞ ካምቢዮው አፍ ላይ ያለችው ዘይት የምትይዘው ፓራውሊዮ አዲስ ትሁን፤ ሻፍቱ ወጥቶ ሳለ እሷን አለመቀየር በሳምንቱ መልሶ እንደመክፈል ነው። ኩባያዋ ስትገባ «ቀጭ» ብላ መያዝ አለባት። ትንሽ ሳብ ሲያደርጓት መውጣት የለባትም። ትልቁ ዳዶም አዲስ ይሁን፣ በኃይል መለኪያ ቁልፍ ይጥበቅ። ብዙ ቶዮታዎች ላይ ከ200 ኒውተን ሜትር በላይ ይፈልጋል፣ በግምት የሚሠራ አይደለም።

በመጨረሻ የፈሰሰው ዘይት ይተካል። ይቺን አስምሩባት፦ ብዙ ቪትዞች ሲቪቲ ካምቢዮ ነው ያላቸው። ሲቪቲ የራሱ ዘይት አለው። የተለመደውን የአውቶማቲክ ዘይት የጨመረበት ሰው ሻፍት ሊያሠራ ሄዶ ካምቢዮ ይዞ ይመለሳል።

ዕቃው ከየት ይመጣል? ወልቂጤና ቡታጅራ ካላገኛችሁ መጨረሻው መርካቶ፣ ሶማሌ ተራ ነው። አዲስ አለ፣ ያገለገለ አለ። ያገለገለ ከሆነ ኩባያዋን በአንድ እጅ፣ ሻፍቱን በሌላው ይዛችሁ ወዲያ ወዲህ አዙሩት፤ ልልነት ካለ ተዉት። ወደ ውስጥና ወደ ውጭ ስትገፏት መቧጠጥ ከተሰማችሁ ተዉት። ከመላካችሁ በፊት የሻሲ ቁጥሩን ፎቶ አንሱ፣ የሻፍቱን ሁለት ጫፍ ጥርስ ቁጠሩ፣ ርዝመቱን ለኩ፣ የኤቢኤስ ቀለበት እንዳለው እዩ። የግራና የቀኝ ሻፍት በአብዛኛው መኪና ላይ ርዝመታቸው አንድ አይደለም። በቴሌግራም «የቪትዝ ነው» ብሎ የሚልክላችሁ ሻጭ ጥርሱን ቆጥሮ ፎቶ እንዲልክ ጠይቁት፤ ከቡታጅራ አዲስ አበባ ደርሶ መልስ ትራንስፖርት ከምትከፍሉ ይሻላል።

ሃይሩፍ፣ ላዳ ወይም የድሮዋ ዲኤክስ የሚነዱ ግን ይሄ ጽሑፍ አይመለከታቸውም። እነሱ የሚገፉት በኋላ ጎማ ነው፤ የሚንቀጠቀጡ ከሆነ መሀል ላይ ያለው ረጅሙ ዘንግና ክሮቸራው ይታይላቸው።

«ትንሽ ልንዳው፣ ብር ሳገኝ አሠራዋለሁ» ለሚለው ሰው አንድ አደገኛ ነገር አለ። ጆይንቷ ጨርሳ ብትላቀቅ መኪናው መንቀሳቀስ ያቆማል፤ ሞተሩ ይጮሃል፣ ጎማው አይዞርም። ይሄ ምንም አይደለም። አደጋው ማርሹን ፒ ላይ አድርጋችሁ ስትወርዱ ነው። ፒ የሚይዘው ካምቢዮውን እንጂ ጎማውን በቀጥታ አይደለም። አንዱ ሻፍት ከተላቀቀ ፒ መኪናውን አይይዘውም፣ ዳገት ላይ ይንከባለላል። የእጅ ፍሬን ሳትይዙ፣ ጎማው ሥር ድንጋይ ሳታደርጉ እንዳትወርዱ።

«ሁሉም ኤሌክትሪክ እየሆነ ነው፣ ይሄ ለምን ያስፈልገናል?» የሚሉ አይጠፉም። በ2012 የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ አሮጌ መኪና ማስገባትን አስወደደው፤ በጥር 2016 ደግሞ ኤሌክትሪክ ያልሆኑ አውቶሞቢሎች እንዳይገቡ መከልከሉ ተነገረ። ስለዚህ አሁን መንገድ ላይ ያሉት ቪትዞች ገና ብዙ ዓመት እየተጠገኑ ይነዳሉ። ኤሌክትሪኮቹም ቢሆኑ ሞተሩ ተቀየረ እንጂ ከሞተር ወደ ጎማ ጉልበት የሚያደርሰው ያው ሻፍት ነው፣ ጫፉ ላይ ያሉትም ያው ሲቪ ጆይንቶች ናቸው። እንዲያውም የኤሌክትሪክ ሞተር ገና ከመነሻው ሙሉ ጉልበቱን ስለሚሰጥ ጭነቱ ይበረታባቸዋል። ያገለገለ ኤሌክትሪክ መኪና የምትገዙ ከሆነ፣ መኪናው ጠፍቶ መሬት ላይ ቆሞ ሳለ የስልካችሁን መብራት አብርታችሁ ከሥሩ ቪዲዮ አንሱ፤ የአራቱም ላስቲኮች እጥፋት ደረቅና ንጹሕ ከሆነ ደህና ነው፣ ዙሪያው ግሪስ ከተረጨ ዋጋው ላይ ተነጋገሩበት።